ቤቱ የሚቆጥረው እጅ

«ባለቤትዎ ካረፉ ጀምሮ አርባቸው እስኪወጣ ድረስ፣ በዚህ ቤት ውስጥ በእጅዎ ምን ሠሩ?»

እንዲህ ብላ የጠየቀችኝ ዳኛዋ ናት። ክፉ ሴት አልነበረችም። ሁለተኛ ደገመችልኝ፤ ያኔ ቀስ ብላ፣ ለልጅ እንደሚነገር አድርጋ። እኔ እጆቼን አየሁ። ቀጥዬ አጠገቤ የተቀመጠችውን የባሌን እህት የፌቨንን እጆች አየሁ። የእሷ በሳሙናና በእሳት ተሰነጣጥቀዋል። የእኔ ለስላሳ ነበሩ።

ችሎቱ የሚሰየመው በብሎካችን ምድር ቤት፣ በጋራ አዳራሹ ነው። ሰርጉም፣ ለቅሶውም፣ የእድር ስብሰባውም እዚያው ነው። ሐሙስ ሐሙስ የቤት ክርክር ይሰማበታል። ባለጉዳዮች በግድግዳው ዙሪያ ተራቸውን ይጠብቃሉ፤ አባት ከልጁ፣ ወንድም ከወንድሙ ጋር። አንድ ቤት ስለሚኖሩ አብረው ይመጣሉ፤ ሲጨርሱም አብረው ወደ ላይ ይወጣሉ። የደብረ ብርሃን ብርድ ስለሚከብድ አንድ ጋቢ ለሁለት ደርበው የሚከራከሩም አይቻለሁ።

ባለቤቴ ያቤጽ የሞተው በሰኔ ነው። ሥራ ላይ እንዳለ ልቡ ቆመ። አስከሬኑን ሲያመጡት የቤታችን ቆጣሪ በሩን ከፈተና «ደህና ገቡ፣ አቶ ያቤጽ» አለ። የተሸከሙት ሰዎች ደነገጡ። ነገሩ ለቆጣሪው ቆይቶ የገባው ይመስላል። ከዚያች ሰዓት ጀምሮ አዲስ ቆጠራ ጀመረ። ያን ጊዜ ማናችንም አላሰብነውም።

ቆጣሪ የሌለው ቤት የለም። እናቴ ልጅ ሳለች መብራት ብቻ ይቆጥር ነበር ይባላል። አሁን እጅ ይቆጥራል። በሩን ማን እንደከፈተ፣ ምድጃውን ማን እንደለኮሰ፣ ውሃውን ማን እንደቀዳ፣ ደጅ ሲንኳኳ ማን ተነስቶ እንደሄደ ያውቃል። ድሮ ቤት በወረቀት ነበር አሉ። በወረቀቱ ዘመን አንድ ሰው አሥር ቤት ቆልፎ ሌላ አገር ይቀመጥ ነበር፤ ወረቀቱም መንታ መንታ ይወለድ ነበር፣ ለአንድ ቤት ሁለት ባለቤት። ስለዚህ ሕጉ ተለወጠና ቤት በውስጡ እየሠራ የሚያንቀሳቅሰው ሰው ንብረት ነው ተባለ። ባለቤቱ ሲሞት ለሐዘኑ ክብር አርባ ቀን ይጠበቃል። አርባው ሲሞላ፣ በእነዚያ ቀናት ቤቱን ሲያንቀሳቅስ የቆየው እጅ ይመዘገባል።

ደንቡን ያወጡት ሰዎች አርባውን የሰጡን አዝነውልን ነው። እኛ ዘንድ ሐዘንተኛ አርባ ቀን ምን እንደሚሠራ የጠየቀ ግን አልነበረም።

ሐዘንተኛ ምንም አይሠራም። ፍራሽ መሬት ላይ ይነጠፍለታል፤ ጥቁር ለብሶ ይቀመጣል። ሌላው ሰው ያበስላል፣ ያጥባል፣ ያስተናግዳል።

ፌቨን ለቀብሩ የመጣችው ከሚሌ ነው። እዚያ መኪና ማቆሚያው አጠገብ በሠራተኞች ማደሪያ ተደራራቢ አልጋ ላይ ነበር የምትኖረው። ኮምቦልቻ የራሷ ቤት ነበራት፤ ለሥራ ስትሄድ ለአክስቷ ልጅ አደራ ብላው ሄደች፣ ቆጣሪው የአክስቷን ልጅ መዘገበ። እንግዲህ ሕጉን የምታውቀው በራሷ ላይ ደርሶ ነው። ይህን የምናገረው አውቃ ነው ያደረገችው ለማለት አይደለም። ወንድሟ ነው የሞተው። ስታለቅስ ድምጿ እስኪዘጋ አለቀሰች፤ በሦስተኛው ቀን ግን ፊቷን ታጥባ ጓዳ ገባች። «አንዳችን መቆም አለብን» አለች።

ቆመችም። ጠዋት ንፍሮውን ትጥዳለች፤ ለለቅሶ ደራሹ ውሃ ታቀርባለች፤ ልጄን ጥሩወርቅን ቀስቅሳ ጸጉሯን ሠርታ ትምህርት ቤት ትሸኛለች። ማታ ሳፋ አምጥታ እግሬን ታጥበኝ ነበር። አንድ ቀን በሩ ሲንኳኳ ልነሳ ብል ሁሉም በአንድ አፍ ጮኹብኝ።

«እንዴ! ቁጭ በይ እንጂ!» አሉ እማማ ሶልያና። ከእኛ በላይ ያለው ፎቅ ላይ የሚኖሩ፣ ለቅሶ ቤት የሚመሩ ሴት ናቸው። «ሐዘንተኛ በር ትከፍታለች? ነገ ደግሞ ድስት ላማስል ልትይ ነው። የባሏ አፈር ሳይደርቅ ጉድ ጉድ አለች ይበሉሽ?»

ፌቨን ትከሻዬን ይዛ አስቀመጠችኝ። «እኔ አለሁ አይደል?» አለችና በሩን ከፈተች።

ተዝካሩ በወጣ ማግስት ጠዋት ቆጣሪው «ደህና አደሩ፣ ወይዘሮ ፌቨን» አለ። እኔ ሻይ ልጥድ ምድጃውን ነካሁ፤ አልበራም። «እንግዳችን፣ ለባለቤቷ ልንገርልዎ?» አለኝ በትሕትና።

ፌቨን ፎጣ እንደያዘች ቆማ ሳቀች። «ይሄ ደግሞ ምን ይላል!» አለች። ከሰዓት በኋላ ግን አልሳቀችም።

«እትዬ፣ እባክሽ ንገሪው» አልኳት። «እኔ አይደለሁም በይው።»

«ነግሬዋለሁ።»

«ምን አለሽ?»

«ቤቱን መተው ከፈለጉ የሚሄዱበትን አድራሻ ይንገሩኝ አለኝ።» ፎጣውን አጠፈችው፤ ዘረጋችው፤ እንደገና አጠፈችው። «አድራሻ የለኝም፣ ኤልዱ። ማደሪያው አልጋዬን ለሌላ ሰው ሰጥቶታል።»

ኤልዳና ነው ስሜ። ኤልዱ የሚሉኝ ያቤጽና እሷ ብቻ ነበሩ።

እሷ እንደ ዘመድ አብረን እንኑር አለችኝ። ሕጉ ግን እንግዳን ከሦስት ወር በላይ አያስቀምጥም፤ የቆየ እንግዳ ቤት ይወስዳል ተብሎ ይፈራል። ይህም ባልከፋ። እኔ ሚሌም አዋሽም ወርጄ ሠርቼ አድራለሁ። ችግሩ ልጄ ናት። አዋቂ ቤት በለቀቀ ቁጥር ልጆች አብረው እየተንከራተቱ ስላስቸገሩ፣ ልጅ አሥራ ስምንት ዓመት እስኪሞላው ከቤቱ አይነቀልም የሚል አንቀጽ አለ። ቤቱን የያዘው ሰው የሥጋ ዘመድ ከሆነ ልጁን ያሳድጋል። ጥሩወርቅ አሥራ አንድ ዓመቷ ነው። እኔ ስወጣ እሷ ትቀራለች ማለት ነው፣ ከአክስቷ ጋር።

ከሰስኩ። መጥሪያው የደረሰ ዕለት ቆጣሪው ለፌቨን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አነበበላት። እኔ ምን ይላል ብዬ ስጠይቀው «ጉዳዩ ለባለቤቷ ተነቧል» አለኝ። እኔ ባደግሁበት ጊዜ ሁሉንም ነገር ቤቱ ስለሚያነብልን ፊደል እንደ ጥልፍ ነበር፤ የወደደ ይማረዋል። በዚያ ሳምንት ቅዳሜ ምድር ቤት ወርጄ ፊደል ከሚማሩ ጎልማሶች ጋር ሀ ብዬ ጀመርኩ። አስተማሪያችን ልጄ ልትሆን የምትችል ልጅ ናት። «እማዬ፣ እርሳሱን አያንቁት፣ አይሸሽም» ትለኝ ነበር።

እንዲህ ነው እንግዲህ በጥቅምት ዳኛዋ ፊት የደረስነው። መልስ ሳጣ ጊዜ ቆጣሪውን ጠየቀችው። በዚያ ለስላሳ ድምፁ «ወይዘሮ ኤልዳና በተጠቀሰው ጊዜ ተቀምጠው ነበር» ብሎ መሰከረ።

ከኋላ እማማ ሶልያና ብድግ አሉ። «እኛ ነን ቁጭ በይ ያልናት! እኛን ይክሰሰና!»

«እማማ፣ ይቀመጡ። ቆጣሪው የሠራውን እንጂ ከሥራ የከለከለውን ሰው አይመዘግብም።»

«እንግዲያ ምኑን ቆጠረው? ስታለቅስ ሰምቷል አይደል? ጆሮ የለውም?»

«ጆሮ አለው» አለች ዳኛዋ። «ለቅሶ ግን ሥራ ተብሎ አልተመደበም።»

ሰው አጉረመረመ። ዳኛዋ ፌቨንን የምትለው እንዳላት ጠየቀቻት። ፌቨን ተነስታ «ወንድሜ የሠራው ቤት ነው፤ ያጸዳሁትም እኔ ነኝ። ማንንም ላባርር አልመጣሁም። የት ልሂድ?» ብላ ተቀመጠች።  ዳኛዋ አዲስ ቆጠራ አዘዘች። ሁለታችንም ቤት ውስጥ እንቆያለን፤ ቆጣሪው ሁለታችንንም እኩል ይቀበላል፤ ከጥምቀት ማግስት ወዲያ ያለው ሐሙስ ላይ የበለጠው እጅ ይመዘገባል። የተሸነፈችው በእንግድነትም አትመዘገብም።

ከዚያ በኋላ ቤታችን በጣም ንጹሕ ሆነ።

ፌቨን ማለዳ ስትነሳ እኔ ከእሷ ቀደም ብዬ ተነሳሁ። እሷ ደግሞ ከእኔ ቀደመች። ሳህን ሁለቴ ይታጠባል፤ እኔ ያጠብኩትን አንስታ ታጥበዋለች፣ እሷ ያደረቀችውን አርጥቤ አደርቀዋለሁ። የቧንቧ ውሃ ቀኑን ሙሉ ሲወርድ ይውላል። በሩ ሲንኳኳ ሁለታችንም ከጓዳ ስንሮጥ ኮሪደሩ ላይ ትከሻ ለትከሻ እንጋጫለን፤ «ይቅርታ እትዬ»፣ «ምንም አይደል ኤልዱ» እንባባላለን። እጃችን በአንድ ጊዜ እጀታው ላይ ያርፋል። እንዲህ ሲሆን ቆጣሪው ለማን እንደሚመዘግብ አናውቅም ነበር።

ጥሩወርቅ ሁለት ቁርስ ትበላለች። የእኔን ገንፎ፣ የፌቨንን ፍርፍር።

«የማን ጣፈጠሽ?» አለቻት አንድ ቀን ፌቨን፤ እየሳቀች ነው፣ ግን መልሱን ትጠብቃለች።

«ሆዴን አመመኝ» አለች ልጄ።

አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ዘገየችብኝ። ወጥቼ ስፈልጋት ደረጃው ላይ ቦርሳዋን ታቅፋ ተቀምጣለች። ከንፈሯ በብርድ ደርቋል።

«ምነው አታንኳኪም?»

«ሳንኳኳ ትሯሯጣላችሁ» አለች። «አክስቴ ባለፈው ጉልበቷን ተመታለች። ሌላ ሰው ሲገባ አብሬ እገባለሁ ብዬ ነው።»

ይዣት ገባሁ። ፌቨን በሩ ሥር ቆማ ሰምታለች። የዚያን ዕለት ማታ ማናችንም ሳህን ደግመን አላጠብንም። ጠዋት ግን እንደገና ጀመርን።

ታኅሣሥ አጋማሽ ላይ እማማ ቤቲ ሞቱ። የያቤጽና የፌቨን እናት ናቸው፤ አንኮበር በአረጋውያን ማደሪያ ነበሩ። ዜናውን የነገረን ቆጣሪው ነው። ነገ ብርድ እንደሚበረታ ተናገረ፤ ቀጥሎ በዚያው ድምፅ ወይዘሮ ቤተልሔም ማረፋቸውን ተናገረ። ፌቨን ድስት ይዛ ወደ ምድጃው እየሄደች ነበር። ድስቱን መሬት ላይ አስቀመጠችው፤ ራሷም ከአጠገቡ ወለሉ ላይ ተቀመጠች።

ፍራሹን አወረድኩ።

ቀብሩ ተፈጸመ፤ ሰው መጣ። ብሎኩ በሙሉ ክርክራችንን ያውቃል፤ ስለዚህ ሴቶቹ ሲገቡ አንዴ ፌቨንን ያያሉ፣ አንዴ ወደ ጓዳ እኔን ያያሉ። በሁለተኛው ቀን እማማ ሶልያና ጠጋ ብለው ሲያንሾካሹኩላት ሰማሁ። እጄ ቧንቧው ላይ ነበር።

«ፌቨን ልጄ፣ እኛ ተነጋግረናል። ጊዜው ሌላ ነው። ጥምቀት ደርሷል። ተነስተሽ ብትሠሪ ማንም አይወቅስሽም፤ ወቀሰ ያለውን እኔ አለሁለት። አንዷን ቁጭ በይ ብለን ቤት አሳጥተናታል፤ ሁለተኛ አንደግምም።»

 እኔ ውሃውን አልከፈትኩም። ፌቨን እነሳለሁ ብትል ኖሮ ያሳደግኋትን ልጅ ለእሷ ጥዬ የምወጣበት ዕድል ሰፊ ነበር፤ እስከዚያ ቀን ድረስ በቆጠራው የምትመራው እሷ እንደነበረች ሁለታችንም እንገምታለን።

«እማማ ሶልያና፣ እናቴ ናት እኮ» አለች ፌቨን። «የወንድሜን ቆሜ አሳልፌዋለሁ፤ በቅጡ አላለቀስኩለትም። የእሷን ቆሜ አላሳልፍም። እዚሁ ነኝ።»

እኔም ብቀመጥ ይገባኝ ነበር። እማማ ቤቲ ጥሩወርቅን ስወልድ አርሰውኛል። ነገር ግን ለቅሶ ቤት ውሃ ይፈልጋል፣ ንፍሮ ይፈልጋል፣ በር የሚከፍት ይፈልጋል። ከሁለታችን የተቀመጠችው እሷ ናት። እኔ ቆምኩ። ጎረቤት ሊያግዘኝ ሲመጣ አመስግኜ መለስኩ። ምድጃውን እኔ ለኮስኩ፤ ውሃውን እኔ ቀዳሁ። ሴቶቹ ሲወጡ በሩ ላይ «የባልሽን እህት እንዲህ ስታጽናኚ! ዘመድ ማለት ይህ ነው፤ እግዜር ብድርሽን ይክፈልሽ» ይሉኝ ነበር። ክርክሩን እያወቁ ነው የሚሉኝ። አሜን እያልኩ በሩን እዘጋለሁ፤ ቆጣሪው ይቆጥራል።

አንድ ምሽት ሰው ሲያልቅ ሳፋ አምጥቼ እግሯን አጠብኳት።

«ሞቅ ብሏል፤ እግዜር ይስጥሽ» አለች። ቀጥላም «ኤልዱ፣ ያኔ አውቄ ያደረግሁት ይመስልሻል?» አለችኝ።

«አላውቅም፣ እትዬ።»

«መጀመሪያ አላሰብኩትም። እውነቴን ነው። ወደ መጨረሻው ግን ትዝ ብሎኛል። ትዝ ካለኝም በኋላ ተነሺና በሩን ክፈቺ አላልኩሽም።» እግሯን ከውሃው አወጣች። «ደህና አደሩ ወይዘሮ ፌቨን ሲለኝ ደስ አለኝ። ሚሌ ስንት ዓመት ስኖር ስሜን ጠርቶ ደህና አደርሽ ያለኝ የለም፤ የአልጋ ቁጥር ነበርኩ።»

ፎጣውን ሰጠኋት።

«አንቺስ?» አለች። «አሁን የምታደርጊውን ታውቂዋለሽ?»

«አውቀዋለሁ።»

«ይሁን» አለች እግሯን እያደረቀች። «ከሁለታችን አንዷ እንኳ ከመጀመሪያው አውቃ ትሥራው።»

ሐሙስ ደረሰ። አዳራሹ ውስጥ ያው ወንበር ላይ ጎን ለጎን ተቀመጥን። ፌቨን ጥቁሯን ለብሳለች፤ የእናቷ አርባ ገና አልሞላም። የእኔ እጆች ተሰነጣጥቀው ነበር። ቆጣሪው መስክሮ ሲጨርስ ዳኛዋ ወደ ፌቨን ዞረች። ደንቡ ስለሚያስገድዳት ነው የጠየቀቻት።

«እናትዎ ካረፉ ጀምሮ እስከ ዛሬ፣ በዚህ ቤት ውስጥ በእጅዎ ምን ሠሩ?»

«እናቴን አለቀስኩ» አለች ፌቨን። እጇን አላየችም።

እኔም በጥቅምት እንዲህ ማለት እችል ነበር። ቃሉ አልመጣልኝም። ቢመጣልኝም ዳኛዋ ያኔ የምታደርገው ያው አሁን ያደረገችውን ነበር፤ ቃሉን መዝግባ ውሳኔውን ሰጠች።

ውሳኔው በሩ ላይ በፊደል ወጣ። ቆጣሪው ላንብብልዎ አለኝ። ተው አልኩትና በጣቴ እየተከተልኩ ራሴ አነበብኩት። ብዙ ጊዜ ፈጀብኝ። የእኔ ስም ነበረ፣ የጥሩወርቅ ስም ነበረ። የፌቨን ስም ከታች ነበረ፤ ከአጠገቡ የሚሄዱበት አድራሻ የሚል ሐረግ አለ፣ ከሐረጉ ቀጥሎ ባዶ ነው።

ሰኞ ጠዋት ሄደች። አንድ ሻንጣ ነው ያላት። ጥሩወርቅ አብራት ይዛ እስከ ምድር ቤት ወረደች። በሩ ላይ ፌቨን ሳመችኝ፤ «ፍራሹን እንዳታነሺው፣ አርባዋ አልወጣም» አለችኝ። ቆጣሪው «ደህና ይሂዱ፣ እንግዳችን» አላት። እኔን «በሩን ልዝጋ፣ ወይዘሮ ኤልዳና?» አለኝ። ልጄ እስክትመለስ ክፍት ይቆይ አልኩት። ደረጃውን ስትወጣ ኮቴዋን ሰማሁ፤ ስትገባ አላንኳኳችም፤ በሩ ክፍት ነበር።

ከዚያ ወዲህ ጠዋት አንድ ቁርስ ነው የምሠራው። ጥሩወርቅ ፍርፍር በይ ስላት ገንፎ ትለኛለች፤ ገንፎ ስሠራ ፍርፍር ትላለች።

የእማማ ቤቲ አርባ ሲሞላ ተዝካሩን ያወጣሁት እኔ ነኝ፣ በዚሁ ቤት። ሴቶቹ ሁሉ መጡ። ፍራሹ ላይ የተቀመጠ ሰው አልነበረም። ፌቨን ሚሌ ናት። እኔና ጥሩወርቅ እዚህ ቀረን።